ሳልቀምስ የማበስለው ቴሊኔ

ቴሊኔ የሚሏት የባሕር ፍጥረት ከአውራ ጣት ጥፍር እምብዛም አትበልጥም። በሁለት ልሙጥ ዛጎል መካከል ተዘግታ የምትኖር፣ ከላይ ወተት የበዛበት ሻይ የምትመስል፣ ከውስጥ ደግሞ ወደ ሐምራዊ የምትሄድ ነገር ናት። ሮም አጠገብ ባለው በኦስቲያ ባሕር ዳርቻ፣ ውኃው ከጉልበት በማያልፍበት ቦታ፣ ደቃቅ አሸዋ ውስጥ ራሷን ቀብራ ትኖራለች። ይህን ሁሉ ያወቅሁት ወድጄ አይደለም። የምሠራላቸው ጣልያናዊት አሮጊት፣ ሲኞራ፣ የቴሊኔ አጥማጅ ልጅ ናቸው። ከሳምንቱ ቀን አንዱ የቴሊኔ ቀን ነው፤ አጥቤ፣ አብስዬ፣ ሳህን ላይ አድርጌ ሳቀርብ ዓመታት አልፈዋል። ቀምሼያት ግን አላውቅም ነበር።

እኛ ዘንድ ክንፍና ቅርፊት የሌለው የውኃ ነገር አይበላም። መጀመሪያ ሰሞን ሲኞራ ይስቁብኝ ነበር። «ጳጳሱ እንኳ ይበላሉ እኮ!» ይሉኛል። «እኚያ ጳጳስ የእርስዎ ናቸው፣ ሲኞራ» እላቸዋለሁ። በኋላ መሳቁን ተዉት፤ እኔም መመለሱን ተውኩት።

ሳይቀምሱ ማብሰልን ያስተማረችኝ እናቴ ናት። ለፋሲካ የሚደርሰው ዶሮ ወጥ የሚሠራው ገና ጾሙ ሳይፈታ ስለሆነ የሚቀምሰው ሰው የለም። እናቴ ድስቱን ከፈት አድርጋ፣ እንፋሎቱን ወደ አፍንጫዋ ሳብ ታደርግና «ጨው ይቀረዋል» ትላለች። ተሳስታ አታውቅም። ቴሊኔ ላይ ግን ይህ ጥበብ አልሠራልኝም፤ ከባሕር የወጣ ነገር ሁሉ መጀመሪያውኑ ጨው ጨው ይሸታል። ስለዚህ ከድስቱ በማንኪያ ቀድቼ፣ እፍ እያልኩ፣ ሳሎን ወንበራቸው ላይ ወደተቀመጡት ሲኞራ እወስዳለሁ። እሳቸው ይቀምሱና ጣታቸውን ያነሣሉ ወይም ይነቀንቃሉ። ጣት ከተነሣ ይወጣል፣ ከተነቀነቀ እመለሳለሁ። ከእሳቸው ምላስና ከእኔ እጅ አንድ ምግብ አብሳይ ወጥቶን እንኖር ነበር።

ዋናው ሥራ ግን ከማብሰሉ በፊት ነው። ቴሊኔ ሆዷ ውስጥ አሸዋ አለ። ጨው የተበተነበት ውኃ ውስጥ ትዘፈዘፍና ጨለም ያለ ቦታ ትቀመጣለች። ሰው እንደሌለ ሲሰማት ከዛጎሏ ሁለት ቀጫጭን ቱቦ ታወጣና አሸዋውን ትተፋለች። ሣፋውን ስነካ ሁሉም በአንድ ጊዜ ክድን ይላሉ። ይህን ያህል ጊዜ ስመለከታቸው ግን አንድ ቀን እንኳ አላሳዘኑኝም፣ አላስጠሉኝምም።

ይህን የምለው ስለ ቴሊኔ ብቻ አይደለም። መቼ እንደጀመረኝ አላውቅም እንጂ ከሆነ ጊዜ ወዲህ ነገሮች አይሰሙኝም። በዚህ አገር በጋ፣ አገር ቤት ክረምት በሆነበት ሰሞን፣ የሐሞት ጠጠር አስወጥቼ ነበር። ከዚያ በኋላ ሆዴ ላይ በስፌቱ ዙሪያ ያለውን ቆዳ ስነካው የሌላ ሰው ቆዳ ይመስለኛል። ሐኪሙ ቀስ በቀስ ይመለሳል አለኝ። «ሌላውስ?» ብዬ ልጠይቀው አስቤ፣ ምን ብዬ እንደማስረዳው ስላጣሁ ተውኩት።

እናቴ ደሴ ነበረች፤ ከታናሽ እህቷ፣ ከአክስቴ ጋር ነው የምትኖረው። ስኳሩም ልቡም ስለሚያስቸግራት እሑድ እሑድ እደውላለሁ። ከቀዶ ጥገናዬ በኋላ ስደውል ድምፅዋ ጎርነን ብሎ አገኘሁት። ጉንፋን ነው አለችኝ። ብዙም አታወራም፤ የምታወራው ግን ጣፋጭ ነበር። እናቴ ፍቅሯን በአፏ የምትናገር ሴት አልነበረችም። ስደውል የምትጠይቀኝ ቤተ ክርስቲያን መሄዴን፣ ቀጥሎ ደግሞ ለምን እንደከሳሁ ነው፤ ያውም ሳታየኝ። አሁን ግን «ሆዴ» ትለኛለች፣ «ናፍቀሽኛል» ትለኛለች። አንድ እሑድ «አንቺን ወልጄ አልከሰርኩም» አለችኝ። ስልኩን ዘግቼ በረንዳው ላይ ብዙ ቆየሁ። ደስ ብሎኝ ነበር። በዚያ ሁሉ ጊዜ ውስጥ ደስታ ብዬ የማስታውሰው እሱን ነው። እርጅናና ሕመም አለዘባት ብዬ አሰብኩ።

መስከረም ላይ፣ ጃንጥላዎቹ ከባሕሩ ዳር ተሰብስበው ሲያልቁ፣ አንድ እሑድ ስደውል የጎረቤት ልጅ አነሣችው። «እማማ ጠበል ሄደዋል» አለችኝ። በሚቀጥለው እሑድ ያቺው ልጅ «ተኝተዋል፤ እንዳይቀሰቀሱ ተብሏል» አለች። አክስቴንም ስጠይቅ የለችም አለችኝ።

ሆድ ሲያውቅ ዶሮ ማታ ይባላል። እነዚህን ዓረፍተ ነገሮች አውቃቸዋለሁ፤ ራሴ ተናግሬአቸዋለሁ። እዚህ ሮም ከማንም ያላነሰ መርዶ ተሸክሜ ሄጃለሁ። ለሰው እናቱ ሞተች ተብሎ በስልክ አይነገረውም። ሰው ይሰበሰባል፣ ታላቅ ይመረጣል፣ በማለዳ ይኬዳል። አገር ቤት ቢሆን በማግሥቱ ነው። እኛ ግን ሁላችንም የሰው ቤት ሠራተኞች ነን፤ ሐሙስ ግማሽ ቀን፣ እሑድ ሙሉ ቀን ነው ያለን። ለመርዶ ግማሽ ቀን አይበቃም። ስለዚህ ሮም ውስጥ መርዶ እሑድን ይጠብቃል፤ እሑድ እስኪደርስ ደግሞ ሁሉም ሰው ይዋሻል።

ብጠይቅ ይነግሩኝ ነበር? አይመስለኝም። እኔም አልጠየቅኩም። ከነገሩ ጦም እደሩ ብዬ ዝም አልኩ። የምፈልገው አንድ ነገር ነበር፤ ድምፅዋን። አንድ ጊዜ «አቤት» ካለችኝ አለች ማለት ነው፤ ሰው ካልመጣብኝም አለች ማለት ነው። እንዲህ እያልኩ ወለል እወለውላለሁ፣ ልብስ እተኩሳለሁ።

ማክሰኞ ዕለት የቤቱ ስልክ ጠራ። ሲኞራ አነሡት። ለእኔ ሲሆን ስሜን ይጮኻሉ፤ ለእሳቸው ሲሆን ይነጫነጫሉ። ያን ቀን አልጮኹም፣ አልተነጫነጩም። «ሲ… ሲ… ካፒቶ»፣ እሺ ገባኝ፣ ብለው በዝግታ አስቀመጡትና ዓይናቸውን ወደ ቴሌቪዥኑ መለሱ፤ ቴሌቪዥኑ ጠፍቶ ነበር። ከዚያ ሰዓት ጀምሮ ሴትየዋ ተለወጡ። ሾርባው ቀዘቀዘ አላሉም። መስኮት ለምን ተከፈተ አላሉም። ማታ ካልሲያቸውን ሳወልቅላቸው «ግራትሲዬ» ብለው አመሰገኑኝ፤ የተደወለው ስለ እኔ መሆኑን ያን ጊዜ አወቅሁ።

ሐሙስ ጠዋት «ሂጂና ከአጥማጁ ሰውዬ ቴሊኔ ግዢልኝ» አሉኝ። የቴሊኔ ቀናችን አልነበረም። «ዛሬ ከሰዓት እወጣለሁ እኮ» አልኳቸው። «ዛሬ አትወጪም። አሎራ፣ በይ ሂጂ» አሉ።

ሰውየው ውኃው ውስጥ ነበር። ወገቡ ላይ በታሰረ ጠፍር፣ ከኋላው መረብ ያለው ትልቅ የብረት መቧጠጫ ይዞ ወደ ኋላ እየተራመደ ይጎትታል። ወደፊት ሲራመድ አይቼው አላውቅም። ሲወጣ ጠበቅሁት፤ ወንፊቱ ላይ አራግፎ ትናንሾቹን ወደ ውኃው መለሰና የቀሩትን በከረጢት ሰጠኝ። «ሲኞራ እንዴት ናቸው?» አለኝ። «ደኅና ናቸው» አልኩት። ነፋስ ነበር፤ አሸዋው እግሬን ይጋረፈኛል።

ስመለስ ሲኞራ ወንበራቸው ላይ አልነበሩም። ወጥ ቤት ውስጥ መደገፊያቸውን ተመርኩዘው፣ የእኔን ሽርጥ ለብሰው ቆመዋል። እኔ እዚያ ቤት ከገባሁ ጀምሮ ምድጃው አጠገብ ቆመው አላየኋቸውም። «ቴሊኔዎቹን ዘፍዝፊ፤ ዛሬ የማበስለው እኔ ነኝ» አሉኝ። ናላቸው የዞረ መሰለኝ።

ዘፈዘፍኳቸው። አሸዋቸውን ተፍተው እስኪጨርሱ ሲኞራ አንድ ዱካ ላይ ተቀምጠው አልተነሡም፤ እኔም ከወጥ ቤቱ እንድወጣ አልፈቀዱልኝም። ነጭ ሽንኩርቱን ሲከትፉ ጣታቸው አብሮ እንዳይከተፍ ፈርቼ ነበር። የወይራ ዘይቱን አሞቁ፣ ቴሊኔዎቹን ገለበጡ፣ ክዳኑን ደፉ። ውስጥ ሲከፋፈቱ እንደ ጠጠር ይንኳኩ ጀመር። ራሳቸው ቀመሱ፤ ለማን እንደሆነ እንጃ፣ ጣታቸውን አነሡ። ፓስታው ተቀላቀለና ሁለት ሳህን ላይ ቀረበ።

«ተቀመጪ» አሉኝ።

«እኔ ይህን አልበላም፣ ሲኞራ። ያውቃሉ።»

«አውቃለሁ። ዛሬ ብዪ። ማንጃ! እሑድ ድረስ አቅም ያስፈልግሻል።»

አፋቸውን የዘጉት ከተናገሩ በኋላ ነው። ሹካቸው መንገድ ላይ ቀረ።

«እሑድ ምን አለ፣ ሲኞራ?»

«ምንም። ቤተ ክርስቲያን» አሉና ወደ ሳህናቸው አቀረቀሩ። ሲኞራ ውሸት አይችሉም፤ ያሰቡትን ሁሉ በሰው ፊት የሚዘረግፉ ሴት ናቸው። ለሁለት ቀን ያንን ሁሉ እንዴት እንደያዙት ይገርመኛል። አፍንጫቸው ቀልቶ ነበር።

ሹካ አነሣሁና በላሁ።

ለምን እንደበላሁ እስከ ዛሬ አልገባኝም። እናቴ ከሌለች ሕጉም የለም ብዬ ይሆን? ወይስ አሮጊቷ ያን ሁሉ ሰዓት የደከሙበትን መመለስ አፍሬ? ቴሊኔ ለስላሳ ናት፤ መጀመሪያ ጨው፣ ከዚያ ትንሽ ጣፋጭ ትላለች። አንዷ አሸዋዋን ጨርሳ አልተፋችም ነበርና ጥርሴ ላይ ተንቀጫቀጨች። አንድ ነገር እንዲሆን ጠበቅሁ፤ እንዲያቅለሸልሸኝ፣ እንዳለቅስ፣ ቢያንስ እንድፈራ። ምንም አልሆነም። ሳህኑን ጨረስኩ፣ ዕቃውን አጠብኩ፣ ዛጎሎቹን በከረጢት ቋጥሬ ጣልኩ።

ዓርብንና ቅዳሜን እንደሌላው ቀን ሠራሁ። በልቤ ግን እየቆጠርኩ ነበር። ድምፅዋ የቀረው ሁለት እሑድ ነው፤ እንግዲህ ከሄደች ከዚያ ወዲህ ነው። ስለዚህ ልትሄድ ጥቂት ሲቀራት አነጋግሬአታለሁ። «ናፍቀሽኛል» ብላኛለች፤ አልከሰርኩም ብላኛለች። ሰው በስደት እናቱን ሲያጣ ይህን የሚያህል ነገር ማን ያገኛል? እኔ አግኝቻለሁ አልኩ። እሱን ይዤ ተኛሁ፤ እንቅልፍም ወሰደኝ።

እሑድ ማልጄ ተነሥቼ የሥራ ልብሴን ለበስኩ። ጥቁር ለብሼ ቢያገኙኝ ማወቄን ያውቃሉ፤ ያን ያህል መንገድ የመጣ ሰው ደግሞ የሚያረዳው ነገር ሊኖረው ይገባል። ሲኞራ ከእኔ ቀድመው ለብሰው፣ የወርቅ ጌጣቸውን ደረታቸው ላይ ሰክተው ሳሎን ተቀምጠዋል። ለምን በጠዋት ለበሱ ብዬ አልጠየቅኋቸውም። መርዶ ጎሕ ሳይቀድ ነው ደንቡ፤ ግን ከከተማ ወደ ኦስቲያ የሚያመጣው የመጀመሪያው ባቡር ሲደርስ ፀሐይ ወጥቶ ነበር። ደረጃው ላይ የብዙ ሰው ጫማ ተሰማኝ።

ሴቶቹ ኮታቸው ላይ ነጠላ ደርበዋል፤ ሁለት ወንዶች ከኋላ ቆመዋል። ከፊት ያሉት፣ ሮም ስገባ እዚህ ሥራ ያስገቡኝ ሴት ናቸው፤ ከመካከላችን ታላቋ እሳቸው ናቸው። ሁለት ሴቶች ግራና ቀኝ ክንዴን ያዙ፤ መሬት ላይ እንዳልፈጠፈጥ ነው።

«ልጄ፣ ጠንከር በይ» አሉኝ። «እናትሽ አርፈዋል።»

አልተፈጠፈጥኩም። እንደ ቁም ሣጥን ቆምኩ። ሴቶቹ ማልቀስ ጀመሩ፤ ግን እሑድ ጠዋት ነው፣ ጎረቤት አለ፣ ስለዚህ ነጠላቸውን አፋቸው ውስጥ እየጎሰጎሱ ነበር የሚያለቅሱት። «አልቅሺ እንጂ፣ እርምሽን አውጪ» ይለኛል አንዱ። «ደንግጣ ነው፣ ተዋት» ይላል ሌላው። ዓይኔን ጨፈንኩ፣ የእናቴን ፊት አሰብኩ፣ መጣልኝ፤ እንባ ግን አልመጣም። በዚህ መካከል አንድ ነገር ለማለት ያህል «መቼ?» አልኩ።

ታላቋ ወደ መሬት አዩ። «ቀዶ ጥገናሽ ሰሞን ነው፣ ልጄ። አርባቸውም ወጥቷል።»

«ከዚያ በኋላ አነጋግሬአት የለም እንዴ?» አልኳቸው። «በየሳምንቱ አነጋግሬአታለሁ።»

ክንዴን የያዙት ሴቶች እጅ ጠበቀብኝ።

«አክስትሽ ናቸው» አሉኝ ታላቋ። «ስፌትሽ አልደረቀ፣ አጠገብሽ የሚይዝሽ ሰው የለ፣ ከፈረንጅ ጋር ብቻሽን። ምን ይደረግ ልጄ? እስክትጠነክሪ ተብሎ ነው።»

እናቴና አክስቴ በስልክ አይለዩም። አባቴ በሕይወት እያለ እንኳ ይሳሳት ነበር። እንግዲህ ሆዴ ያለችኝ አክስቴ ናት፤ ናፍቀሽኛል ያለችኝም እሷ ናት። የእናቴ የመጨረሻው ድምፅ ከዚያ በፊት ያለው ነው፤ ሆስፒታሉ ኮሪደር ላይ ሆኜ ሳነጋግራት ነርሷ ጠራችኝና «እደውልልሻለሁ» ብዬ በመካከል የዘጋሁባት። ምን እያለች እንደነበረ አላስታውስም።

ሲኞራ ወንበራቸው ላይ ሆነው «ምን አሉሽ? ምንድን ነው ያሉሽ?» ይሉኛል በጣልያንኛ። ሌላ የሚያስረዳቸው ስላልነበረ የራሴን መርዶ እኔው ተረጎምኩላቸው። «እናቴ የሞተችው በበጋው ነው። ስልክ ላይ የነበረችው እህቷ ናት» አልኳቸው። ሲኞራ አማተቡና ጮኸው አለቀሱ። ጎረቤት የለ፣ ይሉኝታ የለ፤ ደረጃው ድረስ የሚሰማ ልቅሶ። ሴቶቹ ደንግጠው እኔን ለቀቁኝና ሄደው እሳቸውን ደጋገፏቸው፤ አንዷም በነጠላዋ ጫፍ ፊታቸውን ጠረገችላቸው። ሥራ የፈታሁት እኔ ብቻ ነበርኩ።

ቀኑን ሙሉ አብረውኝ ዋሉ። ይዘው የመጡትን ምግብ ሲያቀርቡ ታላቋ እጄን አዩና «ምን እየበላሽ ነው የሰነበትሽው፣ እንዲህ የከሳሽው?» አሉኝ።

«ሐሙስ ቴሊኔ በላሁ» አልኳቸው።

ጭልፋውን አነሡ። ከዚያ «እግዚአብሔር የሚያውቀውን ያውቃል» አሉና ሳህኔ ላይ ምስር ወጥ ጨመሩልኝ። መሸት ሲል ነገ ሥራ ስላለ፣ ባቡሩም እንዳያመልጣቸው፣ «እግዚአብሔር ያጥናሽ» እያሉ አንድ ባንድ ሳሙኝና ወጡ። ሲኞራ እንደለበሱ ወንበራቸው ላይ እንቅልፍ ወስዷቸው ነበር። ጫማቸውን አወለቅሁላቸው።

ከዚያ ደሴ ደወልኩ። አክስቴ ገና በመጀመሪያው ጥሪ አነሣችው።

«ሰማሽ?» አለችኝ።

«ሰማሁ።»

«አፈር ልሁንልሽ፣ ይቅር በይኝ። እኔ ነኝ የበደልኩሽ። ሁለቱን እሑድ ስልኩን ለልጅቷ የሰጠኋት አቅቶኝ ነው፤ አንቺ ‹እማዬ› ባልሽኝ ቁጥር…» አልጨረሰችውም።

ልቆጣት ፈለግሁ፤ ቢመጣልኝ ደስ ይለኝ ነበር። ቁጣም አልነበረም። ጆሮዬን ስልኩ ላይ አጥብቄ ይዤ፣ ስታለቅስ እያዳመጥኩ፣ ልትዘጋብኝ መሆኗ ብቻ አስፈራኝ። ከብዙ ጊዜ በኋላ የተሰማኝ የመጀመሪያው ነገር ይህ ፍርሃት ነው።

«እትዬ» አልኳት፣ «ይቅር ብያለሁ። አሁን ግን እንዳትዘጊ። እንደ እሷ ሆነሽ ትንሽ አውሪኝ።»

የተቋረጠ መስሎኝ ነበር። ስትናፈጥ ሰማሁ፣ ጉሮሮዋን ስትጠርግ ሰማሁ። ከዚያ ያ ጎርነን ያለው ድምፅ መጣ።

«አቤት፣ ልጄ» አለ። «ሰዎቹ ሄዱ? ብቻሽን ነሽ?»

«ብቻዬን ነኝ፣ እማዬ» አልኩና እንባዬ መጣ።